ከቦርከና ማዶ የቀረጽኩት ሰርግ

በደርግ ዘመን የመንግሥት ካሜራ ተሸክሞ የዞረ ሰው ጭስ ሳያሳድድ አልኖረም። ፋብሪካ ከሆነ የሚጨስ ጭስ ማውጫ፣ እርሻ ከሆነ የተሰለፈ ትራክተር፣ መሠረተ ትምህርት ከሆነ መነጽር ያደረጉ አሮጊት ፊደል ሲቆጥሩ ማሳየት ግድ ነበር። ሥራዬ ዘጋቢ ፊልም ማንሳት ነበር። ዘጋቢ ማለት የሆነውን እንደሆነ የሚያሳይ ነው ብለው ነበር ያስተማሩኝ። ያስተማሩኝ ሰዎች ግን ከእኛ ጋር ኮምቦልቻ ወርደው አያውቁም።

አንድ ጊዜ እዚያ አንድ ፋብሪካ ልናነሣ ሄድን። ስንደርስ ማሽኑ ለጥገና ቆሟል፤ ጭስ የሚባል ነገር የለም። የቡድናችን አለቃ ሰማዩን አየና "ይኼማ ትምህርት ቤት ነው የሚመስለው" ብሎ ተናደደ። ከሕንጻው ጀርባ አሮጌ ጎማ አስነደደ። ጭሱ መጀመሪያ ቀጥ ብሎ ወጣ፤ ቆይቶ ነፋስ አዞረውና በላያችን ላይ አረፈ። እያስነጠስኩ፣ ዓይኔ እያለቀሰ ቀረጽኩት። ፊልሙ አዲስ አበባ ሲታይ ተጨበጨበልን፤ እኔ ግን የጎማው ሽታ ከጸጉሬ እስኪለቅ ድረስ አብሮኝ የሚበላ ሰው አላገኘሁም።

ይህን የማነሣው ያንን ሥራ ለማማት አይደለም። እውነቱን ለመናገር ይናፍቀኛል። የካሜራው ሞተር ጆሮዬ ሥር ሲያንገጫግጭ፣ ላንድሮቨሯ የሐረጎን ጠመዝማዛ ስትወርድ፣ ከላይ የደሴ ብርድ፣ ከታች የኮምቦልቻ ሙቀት፣ በመካከሉ ሹራባችንን እያወለቅን የምንቀባበለው ወሬ ይናፍቀኛል። በኋላ ድርቁ መጣና መንገድ ዳር ያየሁትን ሁሉ በዚያው ካሜራ አነሣሁ። ስለዚያ እዚህ አልጽፍም፤ ከዚያ ወዲህ ዘጋቢ ፊልም እጄን ከብዶት እንደቀረ ብቻ ይታወቅልኝ። የልብ ወለድ ፊልም ሲመጣ ሮጬ የገባሁት ለዚህ ነው። የፈጠራ ከሆነ ማንም አይጎዳበትም ብዬ ነበር።

ያደግሁት ደሴ፣ ቧንቧ ውሃ ሰፈር ነው። አባቴ አናጺ ነበር፤ የሰፈሩን በርና መስኮት ግማሹን የሠራው እሱ ነው። ደግሞም የጸሎት ቤታችን ሽማግሌ ነበር። ሰፈሩ "እነ ጴንጤ" ይለን ነበር፤ በክፋት ሳይሆን "እነ አናጺ" እንደሚባለው ዓይነት። ሙስሊሙም ኦርቶዶክሱም ጎረቤታችን ነው፤ ሲታመሙ እንጠይቃለን፣ ስንታመም ይጠይቁናል። መንግሥት ግን እንደ ጎረቤት አልነበረም። "መጤ ሃይማኖት" ተባልንና ጸሎት ቤቱ ተዘጋ፤ አባቴ በእጁ የሠራቸው አግዳሚ ወንበሮች የቀበሌ ስብሰባ ማድመቂያ ሆኑ። አባቴ ስብሰባ ተጠርቶ በሄደ ቁጥር የራሱ ወንበር ላይ እየተቀመጠ "ቢያንስ አይነቃነቅም" ይል ነበር።

መዝሙሩ አልቀረም፤ ድምፁ ቀረ እንጂ። አራት አምስት ሆነን በአንድ ቤት እንገባለን፤ በር ይዘጋል፣ ሬዲዮ ከፍ ይላል፤ ከዚያ ከንፈራችንን እያንቀሳቀስን ያለ ድምፅ እንዘምራለን። ከፊት ለፊቴ የተቀመጠውን ሰው ከንፈር አይቼ መዝሙሩ የት እንደደረሰ አውቃለሁ። የካሜራ ትምህርት ቤት ከመግባቴ በፊት ያገኘሁት ትምህርት እሱ ነው። አንድ ቀን ግን ሰው በዛ፤ አባቴ ሰው ሰብስቦ ሲጸልይ ተይዞ ክረምቱን በእስር አሳለፈ። ሲፈታ ጸጉሩ ነጥቶ ነበር። ደግሞ ሰው ሰብስቦ ቢገኝ እንዲህ በቀላሉ እንደማይወጣ በግልጽ ነገሩት።

ታናሽ እህቴ የታጨችው ከዚያ ወዲህ ነው። እጮኛዋ የሒሳብ መምህር ነበር፤ ከእኛው ሰዎች ወገን፣ ዝምተኛ፣ ሲስቅ እጁን አፉ ላይ የሚያደርግ። ማዘጋጃ ቤት ሄደው መፈራረም ይችሉ ነበር። አባቴ ግን ያንን ጋብቻ ብሎ አይቆጥረውም። "ልጄን እንደ ተሰረቀ ዕቃ በጓዳ በር አላወጣትም" ይላል፤ "ወንድሞችና እህቶች ቆመው አይተው፣ አሜን ብለው ነው የምትዳረው።" ወንድሞችና እህቶች ቆመው እንዲያዩ መሰብሰብ አለባቸው። ከተሰበሰቡ አባቴ ይታሰራል። እህቴ አባቷን አስይዛ ማግባት አትፈልግም፤ ያለ አባቷ ምርቃትም ማግባት አትፈልግም። ዓመት ሄደ፣ ሌላ ዓመት መጣ። መምህሩ በየእሑዱ እየመጣ ሻይ ጠጥቶ ይሄዳል። እኔ ከአዲስ አበባ በመጣሁ ቁጥር ሻይዋን ስትቀዳለት ፊቷን ማየት ያሳምመኝ ነበር።

በዚህ መካከል የልብ ወለዱ ፊልም መጣ። አዘጋጁ ከውጭ አገር ተምሮ የተመለሰ የአዲስ አበባ ልጅ ነበር፤ ረጅም፣ ችኩል፣ ሲናደድ ኮፍያውን መሬት ላይ የሚጥል። ታሪኩ አንዲት የገበሬ ልጅ ተምራ ወደ አገሯ ስትመለስ ነው፤ መጨረሻው ሰርግ ነው። ሰርጉ ደሴ እንዲሆን ፈልጎ ነበር፤ እኔ የጦሳ ተራራ ጭጋግ ብርሃኑን እንደሚበላብን አስረድቼ ኮምቦልቻ አወረድኩት፣ ቦርከና ዳር፣ አንድ ትልቅ ዋርካ ሥር። ሁለቱ ዋና ተዋንያን ከአዲስ አበባ ገና አልደረሱም። አዘጋጁ መጠበቅ አይወድም፤ ከሩቅ የሚታየውን በምትክ ሰዎች እናንሳ፣ ፊታቸውን ሲመጡ እናነሣለን አለ። ሙሽራዋ እንደ አገሩ ወግ ተሸፍና ነው የምትመጣው፤ ከነጠላው ሥር ያለው ማንም ቢሆን አይታወቅም። "ሰርገኛ ብቻ አምጣልኝ" አለኝ፤ "አንተ ያገሩ ልጅ ነህ። አደራህን፣ ዜማ የሚያውቁ ይሁኑ።"

ይህንን እቤት ምሳ ላይ እያማረርኩ አወራሁ። ከየት ነው ዜማ የሚያውቅ ሰርገኛ የማመጣው፣ እያልኩ። እህቴ ጭልፋውን አስቀመጠች።

"የእናንተ ሰርግ ፈቃድ አለው?" አለችኝ።

"አለው።"

"ሰው ሲሰበሰብ ማንም አይጠይቅም?"

"እንዲያውም ካድሬ ተመድቦልናል። ሕዝቡ እንዲመጣ የሚያግዘን እሱ ነው።"

ወደ አባታችን ዞረች። አባቴ መብላቱን አቆመ፤ ገብቶታል።

"አይሆንም" አለ። "በእግዚአብሔር ስም ቲያትር አልሠራም።"

"አባባ፣ እርስዎ ይጸልዩ እንጂ ቲያትር ይሥሩ ማን አለዎት? ቲያትሩን እነሱ ይሥሩ።"

"ይህን በል፣ ይህን መርቅ ብለው የሐሰት ቃል አፌ ውስጥ ቢከቱብኝስ?"

አባቴ እጁን ታጠበና እንደ ሌላው ሰው ሰርገኛ ሆኖ እንደሚመጣ፣ ከዚያ በላይ ግን ቃል እንደማይሰጥ ነገረን። እህቴ ያን ቀን ከሰዓት በኋላውን በሙሉ ነጭ ቀሚሷን ስትተኩስ ዋለች። እሷን እያየሁ ፈራሁ፤ አባቴ ቢያዝስ ብዬ ፈራሁ፤ ቀሚሱ ተመልሶ ሳጥን ቢገባስ ብዬም እኩል ፈራሁ።

በተባለው ቀን ሰዎቻችን በጭነት መኪና ሐረጎን ወረዱ። ከደጋን የመጣ ቤተሰብም ነበረ። ያን ያህል ሰው ባንድ ላይ ካዩ ዓመታት ስላለፉ መኪናው ላይ እርስ በርስ እየተያዩ ዝም ብለው ነበር የመጡት፤ ሲወርዱ ግን መሳሳሙ አላልቅ አለ። አዘጋጁ "ምንድን ነው፣ ለቅሶ ነው እንዴ?" ይላል። "ሰርገኛ ሲሳሳም አያምርም?" አልኩት። "አንሳው!" አለኝ።

ካድሬው የኮምቦልቻ ሰው ነበር፤ ሙስሊም፣ ወፍራም፣ ጫማው ሁልጊዜ የተወለወለ። ከኋላዬ እየቆመ በካሜራው ዓይን ማየት ይወድ ነበር፤ "እስቲ አሳየኝ" ይለኛል፣ አሳየዋለሁ፣ "ሱብሃነላህ" ይላል። መልካም ሰው ይመስለኛል፤ ግን ካድሬ ነው። እሱን ከዋርካው ማራቅ ነበረብኝ። ስለዚህ ለአዘጋጁ ካሜራውን ከወንዙ ማዶ ብንተክለው፣ በረጅሙ ሌንስ ውሃውን ከፊት አድርገን ሰርጉን ከሩቅ ብንስብ እንዴት እንደሚያምር አስረዳሁት። ውሸትም አልነበረም፤ ያምር ነበር። ጥቅምት ስለሆነ ውሃው ገና አልጎደለም፤ በመኪና በድልድዩ ዞረን ከተሻገርን በኋላ ካድሬው ለጫማው ሲል ከእኛ ጋር ካሜራው ባለበት ዳር ቀረ።

አንድ ችግር ብቻ ነበር፤ ከወንዙ ማዶ የአንድ ሰው ድምፅ አይሰማም። ስለዚህ በምልክት ተስማማን። ቀይ ጨርቅ ሲነሣ ይጀመራል፣ ሲወርድ ያበቃል። በዚያ ዘመን ቀይ ጨርቅ አይቸግርም።

ከመሻገራችን በፊት አዘጋጁ በሰርገኛው መካከል እየዞረ ፊት ይመርጥ ነበር። አባቴ ጋ ሲደርስ ቆመ። የተጎሳቆለ ፊቱን፣ ነጭ ጢሙን፣ የአናጺ እጁን ትክ ብሎ አየ።

"እኒህ አባት ናቸው ሙሽሮቹን የሚመርቁት" አለ።

አባቴ "ምን ልበል?" ሲል ጠየቀው።

"የፈለጉትን ይበሉ አባት። ካሜራችን ድምፅ አይቀዳም፤ ከንፈርዎ ይንቀሳቀስ እንጂ ቃሉን አዲስ አበባ ሌላ ሰው ያስገባበታል።"

"የፈለግሁትን?"

"የፈለጉትን።"

አባቴ ወደ ካድሬው ዞረ። እንደዚያ ዞር ብሎ ባያየው ደስ ባለኝ፤ ግን አየው። ካድሬውም እየሳቀ "አብሽሩ አባባ፣ ይበሉ እንጂ፣ እንደ ልብዎ" አለው። አባቴ ባርኔጣውን አውልቆ አጠገቡ ለቆመው ሰው ሰጠ። ያኔ ነው እንደሚያጋባቸው ያወቅሁት።

በድልድዩ ዞረን ተሻገርን። ጨርቁ ተነሣ። ዓይኔን ካሜራው ላይ ተከልኩ።

ሰዎቻችን ከዋርካው ጀርባ እየዘመሩ ወጡ፤ በሙሉ ድምፅ። እኛ ዘንድ የሚደርሰው በውሃው ጩኸት መካከል እየቆራረጠ የሚመጣ ዜማ ብቻ ነው፤ ቃሉ አይለይም። ካድሬው "ያውቁበታል ወላሂ" አለ። እኔ ግን በረጅሙ ሌንስ ከንፈራቸውን አያለሁ፤ የትኛው መዝሙር እንደሆነ፣ የት እንደደረሰ አውቃለሁ። አንዲት አሮጊት አፋቸውን በጣም ከፍተው ነበር፤ በሬዲዮ ጩኸት ሥር ሲያልጎመጉሙ የማውቃቸው ሴት። ዓይኔ የሚያርፍበት የካሜራው ጎማ ረጠበ። ማልቀሴ ነው፤ የምደብቀው ነገር የለኝም።

እህቴ በምትክ ሙሽራነት ተሸፍና መጣች። መምህሩ አጠገቧ ቆመ፤ እጁ አፉ ላይ ነው። አባቴ ጠየቀው፤ መለሰ። እሷን ጠየቃት፤ ነጠላው ወደ ላይና ወደ ታች ሲነቃነቅ አየሁ። ከዚያ አባቴ እጁን በራሳቸው ላይ ጫነ።

"ይበቃል" አለ አዘጋጁ። ቀዩ ጨርቅ ወረደ።

ማንም አላቆመም። ጨርቁ ተነሣ፣ ወረደ፣ ተውለበለበ። አዘጋጁ እጁን አፉ ላይ አድርጎ ጮኸ። ከማዶ መልስ የለም። እኔም ካሜራውን አላቆምኩም፤ እንዳልሰማ ሆንኩ። ጥሬ ፊልም በዚያ ዘመን እንደ ዓይን ብሌን የሚጠበቅ ነገር ነው፤ አዘጋጁ ኮፍያውን መሬት ላይ ጣለው።

"ጨርቁን አያዩም እንዴ እነዚህ ሰዎች? ምን ሆነው ነው?"

ምን እንደሆኑ በሌንሱ ይታየኛል። ሁሉም አንገታቸውን ደፍተው ዓይናቸውን ጨፍነዋል። ሕፃናቱ ሳይቀሩ። ምን ዓይነት ሞኝነት ነው! ወሎ ውስጥ ሽማግሌ ሲመርቅ ሙስሊሙ መዳፉን ዘርግቶ ዓይን ዓይኑን እያየ ነው አሚን የሚለው፤ ኦርቶዶክሱም እንደ ወጉ ነው። ለምርቃት ዓይኑን የሚጨፍን የኛ ሰው ብቻ ነው። ሰፈር ውስጥ ልጆች ሲቀልዱብን እንኳ ዓይናቸውን ጨፍነው ነው ሰላም የሚሉን። ስንት ነገር ስናስብ ይህን ማሰብ እንዴት ረሳን?

ካድሬው ትከሻዬን ነካ አደረገኝ። "እስቲ አሳየኝ።"

እምቢ ማለት አልቻልኩም። ገለል አልኩለት። ዓይኑን አስጠጋ። ብዙ ቆየ፤ ለእኔ ያ ክረምት ከነእስሩ ተመልሶ የመጣ ያህል ነው። ሱብሃነላህ አላለም። አዘጋጁ ከኋላ "ምን ሆነው ነው ጓድ? ተኙ እንዴ?" እያለ ይጮሃል።

ካድሬው ቀና አለ።

"ፀሐይ ነው" አለው። "ፀሐይዋ ዓይናቸው ውስጥ ገብታ ነው ጓድ። ምን ያድርጉ?"

ሥራዬ ብርሃን ነው። ያን ቀን ካሜራውን የተከልኩት ጠዋት ፀሐይዋን አይቼ ነው። ፀሐይዋ ከዋርካው ጀርባ ነበረች፤ ሰዎቻችን ሁሉ ጀርባቸውን ሰጥተዋት ነው የቆሙት። የምትወጋው እኛን ነበር። ካድሬው ራሱ እጁን ግንባሩ ላይ ጥላ አድርጎ ነበር ይህን የተናገረው።

አዘጋጁ ዓይናቸውን ገልጠው እንደገና ይሥሩት አለ። ደግነቱ ከሐረጎ በኩል ደመና ወርዶ ብርሃኑን ሸፈነው፤ እኔም ካሜራዬን አወረድኩ። ዕቃ ስንጭን ካድሬው አጠገቤ መጥቶ ጫማውን በሣር እየጠረገ ቀስ ብሎ "ለሙሽሮቹ መብሩክ በልልኝ" አለኝ። ከዚያ በኋላ ስለዚህ ነገር አንድም ቀን አንሥቶልኝ አያውቅም፤ እኔም አላነሣሁበትም።

ያን ቀን ማታ መምህሩ ሻይ ጠጥቶ ብቻውን አልሄደም።

ፊልሙ ታጥቦ ሲመጣ አዘጋጁ ያችን ምርቃት ደጋግሞ አያት። ተዋንያኑ ደርሰው ሌላውን ሁሉ አንስተን ነበር፤ ጥሩ ሠርተዋል። እሱ ግን "እነዚህን ሰዎች ምን ብትላቸው ነው እንዲህ የሠሩት?" አለኝ። ምንም አላልኳቸውም አልኩት፤ እውነቴን ነው። ምርቃቷን ሳይቆርጥ እንዳለች አስገባት። በአባቴ ከንፈር ላይ አንድ የአዲስ አበባ ተዋናይ ወፍራም ድምፁን ጫነበት፤ ትዳራችሁ ይባረክ፣ ምርታችሁ ይትረፍረፍ፣ ኅብረት ሥራችሁ ይለምልም እያለ። ፊልሙን የሚመረምሩት የሳንሱር ሰዎች ቃሉን ሰሙ፤ በቃሉ ላይ እንከን አልነበረበትም።

ከወራት በኋላ ደሴ ሲኒማ ቤት አንድ እሑድ ከሰዓት ታየ። አባቴ በዕድሜው ሲኒማ ቤት ገብቶ አያውቅም፤ እንዲያውም ስንት ጊዜ ስለ ሲኒማ ገሥጾናል። ያን ቀን ግን ኮቱን ለብሶ መጣ። ሰዎቻችን ሁሉ መጡ፤ ትኬት ቆርጦ ጨለማ ውስጥ ጎን ለጎን ለመቀመጥ ፈቃድ አያስፈልግም። እኔ ከኋላ፣ ከፕሮጀክተሩ ሥር ቆምኩ። የራሴን ፊልም ሳይ መቀመጥ አልችልም።

ፊታቸውን መጋረጃው ላይ ሲያዩ እየተጎሻሸሙ ሳቁ። አሮጊቷ አፋቸውን ሲከፍቱ ሳቁ ጨመረ። ተሸፋፍና የመጣችውን ሙሽራ ሲያዩ ጸጥ አሉ። የአባቴ እጅ በሁለቱ ራስ ላይ አረፈ፤ የተዋናዩ ወፍራም ድምፅ ስለ ምርትና ስለ ኅብረት ሥራ መናገር ጀመረ። በዚያ ድምፅ ሥር፣ ከፊት ከሦስተኛው ረድፍ አካባቢ፣ ሌላ ድምፅ ሰማሁ። አባቴ የራሱን ቃል በሹክሹክታ እያለው ነበር፣ ከከንፈሩ ጋር እኩል።

የመጋረጃው ብርሃን ወደ አዳራሹ ስለሚመለስ ረድፉን ከዳር እስከ ዳር ማየት እችላለሁ። ብዙ ፊልም ሠርቻለሁ፤ ከዚያ በፊትም ከዚያ በኋላም፤ እንደዚያን ቀን ካሜራ በእጄ ባለመኖሩ የተቆጨሁበት ጊዜ የለም።

ሲያልቅ ደጅ ላይ እህቴን አገኘኋት። ሆዷ ገፍቶ ነበር፤ መምህሩ ክንዷን ይዟታል።

"ምርቃቱ አምሮ ወጣ?" አለችኝ።

"ምነው፣ አላየሽውም እንዴ?"

"እንዴት አድርጌ?" አለችኝ ተገርማ። "አባባ እየጸለዩ ዓይኔን ልግለጥ?"